ቀንደ መለከት ሲነፋ ጠላትም ይሰማል

ሽማግሌው ዴነቶር ነጩን በትሩን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ፣ አቀርቅሮ ሲያየው የቆየውን ነገር ብድግ ያደርገዋል። ግማሹ በቀኝ እጁ፣ ግማሹ በግራ እጁ ነው፤ ከመካከሉ ለሁለት የተሰነጠቀ፣ በብር የታሰረ የዱር በሬ ቀንድ። የበኩር ልጁ የቦሮሚር ቀንደ መለከት ነበር። ከአሥራ ሦስት ቀን በፊት ከሰሜኑ ጠረፍ በኩል ድምፁ ደብዘዝ ብሎ ተሰምቶታል፤ ቆይቶ ደግሞ ወንዙ ስባሪውን አመጣለት። ከፊቱ የቆመው የቦሮሚር የጉዞ ጓደኛ፣ ትንሹ ፒፒን፣ ቀንዱ ሲነፋ እዚያው ነበር። አሁን ለአባትየው የሚያወራው የልጁን አሟሟት ነው።

ጄ. አር. አር. ቶልኪን እ.ኤ.አ. በ1954 እና በ1955 ባሳተመው «የቀለበቶቹ ጌታ» ውስጥ ይህ ቀንድ ተራ ዕቃ አይደለም። ለብዙ ትውልድ ከአባት ወደ በኩር ልጅ ሲወርድ የኖረ ነው። በዴነቶር አገር በጎንዶር ጥንታዊ ወሰን ውስጥ በጭንቅ ሰዓት ከተነፋ ሰሚ አያጣም ይባልለታል። ቦሮሚርም ጭንቅ ሲመጣ ነፋው፤ ጫካው አስተጋባ። የከበቡት የጠላት ወታደሮች፣ ኦርኮቹ፣ መጀመሪያ ደንግጠው ወደኋላ አሉ። ከገደል ማሚቶ በቀር መልስ የሚሰጥ እንደሌለ ሲያውቁ ግን ከፊተኛው ይልቅ ብሰው ገቡበት። አቅራቢያው የነበረው ሌላው የጉዞ ጓደኛው አራጎርን ሰምቶ በሩጫ መጣ፤ ሲደርስ ነገሩ አልቆ ነበር። አባቱና ወንድሙም በሩቅ አገር ሆነው ሰምተዋል፤ እነሱ ካሉበት ቦሮሚር እስከወደቀበት ያለው መንገድ ግን የብዙ ቀን ነው።

ልብ ማለት የሚገባው መሣሪያው ሥራውን አለማጓደሉን ነው። የተባለለትን አድርጓል፤ ሰሚ አላጣም። ጠላት ደግሞ ከጩኸቱ ይልቅ ከጩኸቱ በኋላ ያለውን ዝምታ አዳመጠ፤ ሰውየው ብቻውን እንደሆነ የነገረው ያ ዝምታ ነው። እርዳታ ይጠራል የተባለው ዕቃ የባለቤቱን ብቸኝነት ለገዳዮቹ አሳበቀ ማለት ነው። በልብ ወለድ ዓለም ውስጥ ከተፈጠሩ የመልእክት መሣሪያዎች መካከል ይህን ያህል የታሰበበት ጥቂት ነው።

ነገሩን ማንሳት ያስፈለገው በምናብ ዓለም ላይ የሚጽፍ ሰው፣ በልብ ወለድም ይሁን በፊልም ወይም በኮምፒውተር ጨዋታ፣ ጀግኖቹን ማነጋገር ሲፈልግ ብዙ ጊዜ ወደ አንድ ቀላል መንገድ ስለሚሄድ ነው። አንዱ የሚያበራ ድንጋይ ያወጣል፣ ሌላው ጆሮው ላይ ዛጎል ይለጥፋል፣ በሁለት አገር ያሉ ሰዎች ወዲያውኑ፣ ጥርት ባለ ድምፅ፣ ማንም ሳይሰማቸው ይነጋገራሉ። ይህ ስልክ ነው። ቀለሙ ተቀይሯል እንጂ ኪሳችን ውስጥ ያለው ያው ዕቃ ነው፤ እንዲያውም ኔትወርክ የማይቆራረጥበት ስልክ ስለሆነ ከእኛው ያነሰ ታሪክ ይወጣዋል። ድምፅ እንዲህ አይሠራም። ድምፅ ይዘገያል፣ ይደክማል፣ ነፋስ ይወስደዋል፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ ወዳጅና ጠላትን ለይቶ አይገባም። ይህን ባሕርዩን የነጠቀው ደራሲ መሣሪያውን ያሻሻለ ይመስለዋል፤ ያደረገው ግን ታሪክ የሚወጣበትን ቀዳዳ መድፈን ነው።

ቶልኪን ይህን ከባዶ አልፈጠረውም። የመካከለኛው ዘመን ጽሑፍ ምሁር ስለነበር የሮላንድን ቀንድ ጠንቅቆ ያውቃል። እ.ኤ.አ. በ778 የንጉሥ ሻርለማኝ ጦር ከስፔን ሲመለስ በፒሬኔ ተራሮች መተላለፊያ በሮንስቮ ደጀኑ ተመትቷል፤ ይህ ታሪክ ነው። ከሦስት መቶ ዓመት ገደማ በኋላ የተገጠመው የፈረንሳዮች ግጥም ግን በደጀኑ አዛዥ በሮላንድ ወገብ ላይ ከዝሆን ጥርስ የተሠራ ቀንድ አንጠለጠለ። ጓደኛው ኦሊቪየር የጠላትን ብዛት አይቶ «ንፋው፣ ንጉሡ ይመለስልን» እያለ ደጋግሞ ይለምነዋል። ሮላንድ እምቢ አለ፤ ለዘመዶቼ ነውር ይሆናል ብሎ። ሰው ሁሉ አልቆ ጥቂቶች ሲቀሩ ደግሞ ልንፋው ይላል፤ በዚህ ጊዜ የሚከለክለው ኦሊቪየር ነው። የእኛ ሰው በእንዲህ ያለ ሰዓት «ቀድሞ ነበር እንጂ መጥኖ መደቆስ» ይላል፤ ኦሊቪየርም ያለው ከዚህ ብዙ አይርቅም።

በመጨረሻ ይነፋል። ከትንፋሹ ብርታት የተነሳ ደም ከአፉ ይወጣል፣ የራሱ ቅል በጆሮ ግንዱ በኩል ይፈነዳል። ድምፁ ሠላሳ ሊግ ርቆ ተሰማ ይላል ግጥሙ። አንዱን ሊግ አራት ኪሎ ሜትር ገደማ ብለን ብናሰላው 120 ኪሎ ሜትር ይሆናል፤ በተፈጥሮ የማይሆን ነገር ነው። ይሁንና ግነቱን እንዳለ ተቀብሎ ሒሳቡን መሥራት ደስ ይላል። ድምፅ በአየር ውስጥ በሰከንድ 340 ሜትር ያህል ይጓዛል፤ ስለዚህ የሮላንድ ጩኸት ንጉሡ ጆሮ ለመድረስ ስድስት ደቂቃ ያህል ይፈጅበታል። ሻርለማኝ ቀና ብሎ «ሰዎቻችን እየተዋጉ ነው» ሲል፣ የሰማው የስድስት ደቂቃ አሮጌ ትንፋሽ ነው።

ከዚህ በኋላ ያለው ደግሞ ይበልጥ ይጥማል። ንጉሡ አጠገብ ጋነሎን አለ፤ ደጀኑን ለጠላት የሸጠው ሰው። ቀንዱን እሱም ሰምቷል። «ሮላንድን አታውቀውምን? ለአንዲት ጥንቸል ቀኑን ሙሉ ቀንድ ሲነፋ የሚውል ሰው ነው፤ ይልቅ መንገዳችንን እንቀጥል» ብሎ ነገሩን ያቃልላል። ጆሮ ዳባ ልበስ ማለት ይህ ነው። አንድ ድምፅ፣ ሁለት ፍቺ። ቀንዱ ቃል ስለሌለው «ተከዳን» ማለት አይችልም፤ መጮህ ብቻ ነው የሚችለው። ከጩኸቱ ውስጥ ክህደትን የሚያነብብ አስተዋይ ሽማግሌ ያስፈልጋል፤ በግጥሙ ውስጥ ያ ሰው መስፍኑ ኔም ነው። ሮላንድ ስልክ ቢኖረው ኖሮ ጋነሎን የሚናገረው ነገር አይኖረውም ነበር፤ ትዕይንቱም እንዲሁ።

ሲ. ኤስ. ሊዊስ በናርኒያ ታሪኮቹ ይህንኑ ነገር ወደ ሌላ አቅጣጫ ወስዶታል። የሱዛን ቀንድ በማንኛውም ቦታ ቢነፋ እርዳታ ያመጣል። እ.ኤ.አ. በ1951 በታተመው «ልዑል ካስፒያን» ውስጥ ሱዛን ከናርኒያ ከወጣች በዚያ አገር አቆጣጠር ብዙ መቶ ዓመታት አልፈዋል፤ ቀንዱ በወጣቱ ልዑል እጅ ገብቷል። ሊነፋ ሲል ግን አንድ ችግር ይነሳል፤ እርዳታው በየት በኩል እንደሚመጣ የሚያውቅ የለም። ሊመጣባቸው ይችላል ወደተባሉ ሁለት ሩቅ ቦታዎች መልእክተኛ መላክ ግድ ሆነ፤ ጦር ሰው በቸገረው ሰዓት ሰው መቀነስ ማለት ነው፤ ድንኩ ትራምፕኪንም በነገሩ ሳያምን ነው የሄደው። በዚያ በኩል ደግሞ ሱዛን ያለችባቸው አራቱ ልጆች እንግሊዝ አገር ባቡር ጣቢያ ተቀምጠው ሳለ አንድ ነገር ይጎትታቸዋል። የቀንድ ድምፅ አልሰሙም፤ መሳብ ብቻ። ያረፉትም ቀንዱ ከተነፋበት ቦታ አይደለም፤ ጫካና ገደል አቋርጠው ቀናት መጓዝ አለባቸው። ሊዊስ አስማቱን ሙሉ አድርጎ ሰጠ፤ አድራሻውን ግን ነፈገ። መጽሐፉ የሚራመደው በዚያ በተነፈገው ነገር ነው።

ከቀንድ የወጣ ምሳሌ የሚፈልግ ፍራንክ ኸርበርት ዘንድ ይሂድ። እ.ኤ.አ. በ1965 በወጣው «ዲዩን» ውስጥ የበረሃው ሰዎች ዲስትራንስ የሚሉት መሣሪያ አላቸው። መልእክቱን የሚጭነው በወረቀት ላይ ሳይሆን በሌሊት ወፍ ወይም በወፍ የነርቭ ሥርዓት ላይ ነው። እንስሳዋ ትለቀቃለች፣ ትበራለች፣ እንደልማዷ ትጮሃለች፤ መልእክቱ በዚያ ጩኸቷ ውስጥ ተሸሽጓል። ተቀባዩ ሌላ ዲስትራንስ ይዞ ጩኸቱን ከመልእክቱ ይለያል። በመንገድ ላይ ያለ ሰው የሚሰማው የሌሊት ወፍ ብቻ ነው። ኸርበርት «ድምፅን ሁሉም ይሰማል» የሚለውን ሕግ አልጣሰም፤ ሁሉም እየሰማው እንዳይገባው አደረገ እንጂ። የሌሊት ወፏ ግን ጭልፊት ሊይዛት፣ ነፋስ ሊያስታት ይችላል። የተሸከመችውን አታውቅም፤ ብትያዝም አትናገርም።

በዚያው መጽሐፍ ውስጥ ሌላም አለ። የበረሃው ግዙፍ ትል በአሸዋ ላይ ወጥ የሆነ ምት ሲሰማ ይመጣል። ትሉን መጥራት የፈለገ ሰው ራሱን በራሱ የሚመታ እንጨት አሸዋ ውስጥ ተክሎ ይሄዳል። መጥራት ያልፈለገ ደግሞ እርምጃውን እያዛነፈ፣ ልክ ነፋስ አሸዋውን እንደሚያንሸራትተው እየተንፏቀቀ ይራመዳል። አካሄድ ራሱ መልእክት የሆነበት ዓለም ነው፤ ሰው ሳይናገር እንዳይናገር የሚጠነቀቅበት።

የድምፅ መሣሪያን በምናብ መፍጠር ከእነዚህ በጣም የቆየ ልማድ ነው፤ የድሮዎቹም ከአሁኖቹ ይልቅ ይዝናኑበታል። ፈረንሳዊው ራብሌ እ.ኤ.አ. በ1552 ባሳተመው አራተኛ መጽሐፍ ጀግኖቹን በመርከብ ወደ በረዶው ባሕር ጠርዝ ይወስዳቸዋል። በባዶ ባሕር ላይ የሰው ጩኸት ይሰማሉ፤ የሚታይ ሰው የለም። ካፒቴኑ ነገሩን ያስረዳቸዋል። ባለፈው ክረምት እዚህ ቦታ ጦርነት ነበር፤ ብርዱ የሰዎቹን ቃልና የፈረሶቹን ማሽካካት በአየር ላይ አጋግሮት ነበር፤ አሁን ሙቀት ሲመጣ እየቀለጠ ነው። ፓንታግሩኤል ያልቀለጠውን እፍኝ እፍኝ እያደረገ መርከቡ ወለል ላይ ይበትናል፤ ቃላቱ ቀለማቸው የተለያየ ከረሜላ ይመስላሉ። በእጅ ሲሞቁ ይቀልጡና ይሰማሉ፤ ቋንቋው ግን የባዕድ ስለሆነ የሚገባው የለም። ተራኪው ጥቂቶቹን በዘይትና በጭድ ውስጥ ላስቀምጥ ቢል ፓንታግሩኤል ከለከለው። የድምፅ መቅጃ ከመፈልሰፉ ከሦስት መቶ ዓመታት በላይ አስቀድሞ ድምፅን ማኖርና መልሶ መስማት ታስቧል፤ ሲሰሙትም የማን እንደሆነ አለማወቅ፣ የጮኸው ሰው ምናልባት ከሞተ ወራት አልፎት ሊሆን እንደሚችል ጭምር።

ሲራኖ ደ ቤርዥራክ ደግሞ ሰውን ወደ ጨረቃ ላከ። መጽሐፉ የታተመው እሱ ከሞተ በኋላ እ.ኤ.አ. በ1657 ነው። የጨረቃ መኳንንት እንደ ባላገሩ በቃል አይናገሩም፤ ዜማ ነው ቋንቋቸው። ጉሮሯቸው ሲደክም ወይም መናገር ሲታክታቸው መሣሪያ አንስተው እየመቱ ሐሳባቸውን ይገልጻሉ። አሥራ አምስትና ሃያ ሆነው ተሰብስበው የሃይማኖት ነጥብ ወይም የፍርድ ነገር ሲከራከሩ ለሰሚው ጣፋጭ ኮንሰርት ይሆናል። መጽሐፎቻቸውም እንደ ሰዓት ሞተር ያላቸው ትንንሽ ሣጥኖች ናቸው፤ መርፌውን የሚፈልጉት ምዕራፍ ላይ አድርጎ ጆሮን መስጠት ነው። የጨረቃ ወጣት መንገድ ሲሄድ ሠላሳ የሚሆኑ መጻሕፍት በኮርቻው ላይ አንጠልጥሎ እየሰማ ይጓዛል። ዛሬ ታክሲ ውስጥ በጆሮ ማዳመጫ ትረካ የሚሰማ ሰው ኮርቻው ብቻ ነው የጎደለው።

የሙዚቃ ቋንቋውን ሐሳብ ከሲራኖ በፊት እንግሊዛዊው ጳጳስ ፍራንሲስ ጎድዊን ስለ ጨረቃ በጻፈው ተረት ውስጥ አንስቶታል፤ ያም ከሞቱ በኋላ እ.ኤ.አ. በ1638 የታተመ ነው። ፍራንሲስ ቤከንም «አዲሲቱ አትላንቲስ» ውስጥ፣ እ.ኤ.አ. በ1627፣ የድምፅ ቤቶች አሉን የሚል አገር ፈጥሯል፤ ድምፅን በቧንቧ ውስጥ ጠማማ መንገድ አስይዘው ወደ ሩቅ የሚልኩበት። ቤከን የተነበየው ብዙ ነው። ነገር ግን በዚያ ቧንቧ ማንም ለማንም አንዲት ቃል ሲልክ አናይም። የዕቃ ግምጃ ቤት ዝርዝር ነው የሚመስለው፤ ለፈላስፋ ይበቃል፣ ለተረት ግን አይበቃም።

እዚህ ላይ የደራሲዎች ሁሉ የጋራ ድካም ይታያል። መሣሪያውን በጥሩ እንጨትና በጥሩ ብር ሠርተው ቋንቋውን ይረሱታል። ከበሮው ይመታል፣ በሚቀጥለው መስመር ጀግናው «ሰባት መርከቦች ከደቡብ እየመጡ ነው» ብሎ ይተረጉመዋል። እንዴት? ዱም ዱም እንዴት ሰባት ሆነ?

መልሱ በኮንጎ ወንዝ ዳር አለ። ጆን ካሪንግተን የሚባል እንግሊዛዊ ሚስዮናዊ እ.ኤ.አ. በ1938 ወደዚያ ሄዶ የሎኬሌ ሕዝብ በከበሮ እንዴት እንደሚነጋገር ዕድሜውን ሲያጠና ኖረ፤ ስለ አፍሪካ ተናጋሪ ከበሮዎች የጻፈው መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1949 ታትሟል። ከበሮው ቆዳ የለውም፤ ከግንድ የተፈለፈለ፣ በጀርባው በረጅሙ የተሰነጠቀ ነው። የስንጥቁ አንዱ ከንፈር ቀጭን፣ ሌላው ወፍራም ድምፅ ይሰጣል። የሎኬሌ ቋንቋ የድምፅ ከፍታና ዝቅታ የቃልን ትርጉም የሚለይበት ስለሆነ ከበሮው የቃሉን ዜማ ይመታል። ችግሩ ብዙ ቃላት አንድ ዜማ መጋራታቸው ነው፤ ጨረቃና ዶሮ በከበሮ ላይ አንድ ናቸው። ከበሮ መቺው ታዲያ ጨረቃን ብቻዋን አይጠራትም፤ ወደ ምድር ቁልቁል የምታየዋ ጨረቃ ይላታል። ዶሮዋንም በድምፅዋ አጅቦ፣ ትንሽነቷን ጨምሮ ይጠራታል። እያንዳንዱ ስም ጅራት አለው። ፍሬ ነገሩ ሁለት ቃል የሆነ መልእክት በከበሮ ረጅም አረፍተ ነገር ይሆናል፤ ግማሹን ነፋስ ቢወስደው እንኳ በቀረው ግማሽ ይታወቃል።

ለምናብ ደራሲ ከዚህ የበለጠ ስጦታ የለም። የመሣሪያው ድህነት፣ ሁለት ድምፅ ብቻ መሆኑ፣ ቋንቋውን አበለጸገው። ከበሮ የሚናገር ሕዝብ በተረት ውስጥ ሲፈጠር አነጋገሩም እንዲህ ጅራታም ሊሆን ይገባል፤ በአፉ ሲያወራ እንኳ ከበሮው ያስለመደው ቅኔ ምላሱ ላይ መቅረት አለበት።

አማርኛ ግን በዚህ መንገድ ከበሮ ላይ አይወጣም። ከፍታና ዝቅታ ቃል አይለይልንም። የሚለይልን መጥበቅና መላላት ነው፤ ሲላላ «ገና» ጊዜው አልደረሰም ማለት ነው፣ ሲጠብቅ በዓል ነው። ዋና ስንል ውሃ ውስጥ የምንገባበትና ከሁሉ የሚበልጠው የሚለዩት በአንዲት ጥብቀት ነው። በአማርኛ የሚናገር ምናባዊ መሣሪያ ቢሠራ እንግዲህ ምቱ ከፍና ዝቅ ሳይሆን ያዝና ለቀቅ የሚያደርግ መሆን ይኖርበታል። አንድ ሰው ይሞክረው።

በነገራችን ላይ ሙዚቃን ቋንቋ ለማድረግ በእውነት የሞከረ ሰው ነበር። ፈረንሳዊው ሙዚቀኛ ፍራንሷ ሱድር በ19ኛው መቶ ዘመን ሶልሬሶል የተባለ ቋንቋ በሰባቱ ኖታዎች ብቻ ሠራ፤ ለጦር ሠራዊት በመለከት ትእዛዝ የሚያስተላልፍበትን ዘዴም አሳይቷል። ዘዴውን ቴሌፎኒ ብሎ ሰይሞት ነበር፣ ግራሃም ቤል ስልኩን እ.ኤ.አ. በ1876 ከማስመዝገቡ አስቀድሞ። በሶልሬሶል ኖታዎቹ ሲገለበጡ ትርጉሙም ወደ ተቃራኒው ይገለበጣል። ዶ-ሚ-ሶል እግዚአብሔር ነው፤ ሶል-ሚ-ዶ ሰይጣን። ምሽግ ውስጥ ያለ፣ እንቅልፍ ያጣ መለከት ነፊ ከኋላ ወደፊት ቢነፋው ምን ሊጠራ እንደሚችል ማሰብ ብቻ አንድ ልብ ወለድ ይወጣዋል።

ወዳጅም ጠላትም ይሰማዋል ከተባለ ደግሞ የሰማው ሰው ምን ግዴታ አለበት የሚለው ይከተላል። ይህን ለማየት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ነጋሪት በበቅሎ ተጭኖ ሲጎሰም አዋጁን አይናገርም፤ ጆሮ ይሰበስባል። ነጋሪውም «ያልሰማህ ስማ፣ የሰማህ ላልሰማ አሰማ» ይላል። ይህች ሐረግ ብዙ ያልተባለላት የመገናኛ ሥርዓት ናት። የሰማው ሰው ተቀባይ ሆኖ አይቀርም፤ በዚያችው ቅጽበት አስተላላፊ ይሆናል። ድምፁ ተራራ ተሻግሮ እንዲሄድ የሚያደርገው የቆዳው ጥንካሬ ሳይሆን ይህ ግዴታ ነው። በ1888 ዓ.ም. መስከረም ዳግማዊ ምኒልክ የክተት አዋጅ ሲያስነግሩ፣ አዋጁ ከአደባባይ ወደ ገበያ፣ ከገበያ ወደ ጎጥ የወረደው በዚሁ ቅብብል ነው። ከዚያ በኋላ «አልሰማሁም» ማለት ራሱ ምላሽ ያስፈልገዋል። ስሙ እስከ ዛሬ ሕግ በሚወጣበት በነጋሪት ጋዜጣ ላይ ቀርቷል፤ ጋዜጣው በ1934 ዓ.ም. ሲጀመር ከበሮው ወረቀት ሆነ።

የሰፈሩ እድር ጥሩንባም ከዚሁ ወገን ነው። ገና ሳይነጋ፣ ውሻው ሁሉ ሳይነቃ፣ ጥሩንባ ነፊው በየቅያሱ ያልፋል። አንዴ ይነፋል፣ ቆም ይላል፣ የሟቹን ስምና የቀብሩን ሰዓት ይጠራል፣ ይሄዳል። ብርድ ልብስ ውስጥ ያለ ሰው ጆሮውን ቀጥ ያደርጋል፤ የመጀመሪያውን ስም ነፋስ ከወሰደበት እስከሚቀጥለው ቅያስ ያለችው ግማሽ ደቂቃ ትረዝማለች። ማን ይሆን? ከዚያ ስሙ ይደገማል። የማያውቀው ሰው ከሆነ ትንፋሹን ይለቃል፣ በትንፋሹም ያፍራል። የቀረ አባል ይቀጣል፤ ስለዚህ ሰማሁ አልሰማሁም የሚለው ክርክር በገንዘብ ያዥው ፊት የብር ጉዳይ ነው። ስልክን ድምፁን ማጥፋት ይቻላል። ጥሩንባን ለማጥፋት ሰፈር መልቀቅ ያስፈልጋል።

እርግጥ ሁሉም ምናባዊ መሣሪያ መዘግየት አለበት ማለት አይደለም። ኧርሱላ ለ ጉዊን እ.ኤ.አ. በ1966 «የሮካኖን ዓለም» በተባለው መጽሐፏ አንሲብል የተባለ፣ ከኮከብ ኮከብ ቅጽበታዊ መልእክት የሚያደርስ መሣሪያ ፈጥራለች። ሰዎቹ በአካል ለመድረስ ብዙ ዓመታት በሚፈጅባቸው ጠፈር ላይ መልእክት ብቻ ቶሎ መድረሱ የራሱን ሐዘን ይፈጥራል፤ ዜናው ይደርሳል፣ ሰው ግን አይደርስም። ለ ጉዊን ግን አንሲብሉን ድምፅ አላደረገችውም፤ የሚተላለፈው ጽሑፍ ነው። ቅጽበታዊነትን ከድምፅ ጋር ሳታጋባ መተዋ የአጋጣሚ አይመስልም።

ድምፅ ዘገምተኛ መሆኑ ሩቅ አይሄድም ማለትም አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1960 ተመራማሪዎች በአውስትራሊያ ፐርዝ አቅራቢያ ውቅያኖስ ውስጥ ፈንጂ አፈነዱ። በባሕሩ ጥልቀት ውስጥ ድምፅ ሳይበተን የሚጓዝበት ንብርብር አለ። ፍንዳታው በዚያ ውስጥ አልፎ ከሦስት ሰዓት ተኩል በላይ ተጉዞ በምድር ማዶ፣ ወደ 20 ሺህ ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ፣ ቤርሙዳ ባሉ መሣሪያዎች ተሰማ። ይህን በልብ ወለድ ቢጽፉት አርታዒው «አጋነንከው» ይል ነበር። አንድ የባሕር ሥር ንጉሥ ምሳ ሰዓት ላይ የተናገረውን ጠላቱ አመሻሹ ላይ ቢሰማው፣ በመሃል ባለው ሦስት ሰዓት ተኩል ውስጥ ንጉሡ ሐሳቡን ቢቀይር፣ አዲሱ ቃል አሮጌውን አይደርስበትም፤ ሁለቱም እኩል ነው የሚጓዙት።

በአማርኛ የምናብ ዓለም መጻፍ የሚፈልጉ ወጣቶች እንግዲህ ከዛጎልና ከሚያበራ ድንጋይ ቢርቁ፣ የቦሮሚርን ቀንድም እንዳለ ባያመጡት ይሻላል። ቤታቸው ውስጥ ያልተነካ ዕቃ አለ። በጣና ገዳማት በግንድ ላይ ተንጠልጥሎ በድንጋይ የሚመታው የድንጋይ ደወል አለ፤ ድንጋይ ሆኖ እንደ ብረት የሚጮህ። እምቢልታ አለ። እምቢልታ የጣት ቀዳዳ የለውም፤ አንድ ነፊ አንድ ወይም ሁለት ድምፅ ብቻ ነው የሚያወጣው። ዜማው የሚገኘው ሦስት ሰዎች ሦስት እምቢልታ ይዘው፣ አንዱ የተወውን ሌላው እያነሳ ሲነፉ ነው። ከሦስቱ የአንዱን ብቻ የሰማ ሰው ዜማውን አልሰማም።

ከዚህ ተነስቶ አንድ አገር ማሰብ ይቻላል። ሦስት ኮረብታዎች አሉ፤ በየኮረብታው አንድ ነፊ። የንጉሡ ቃል የሚሞላው ሦስቱም ሲነፉና ሸለቆው መካከል ያለ ሰው ሦስቱንም ሲሰማ ብቻ ነው። አንዱን ኮረብታ የያዘ ጠላት ቁራጭ ድምፅ ነው የሚማርከው። ነፊዎቹ ፊት ለፊት ተያይተው አያውቁም፤ የሚተዋወቁት በትንፋሽ አወሳሰድ ነው፤ አንደኛው ጉንፋን ሲይዘው ሌሎቹ ሁለቱ ያውቃሉ። ሸለቆው ውስጥ የምትኖር አንዲት ባልቴት ደግሞ ሦስቱንም ከልጅነቷ ጀምራ ስትሰማ የኖረች ናት። አንድ ማለዳ የሰሜኑ ኮረብታ በሰዓቱ ይነፋል፤ ድምፁ ትክክል ነው፣ ቦታው ትክክል ነው፣ ትንፋሹ ግን የሌላ ሰው ነው። ይህን ያወቀችው እሷ ብቻ ናት፣ የሚያምናትም የለም፤ ሁለቱ ነፊዎች ደግሞ ከንፈራቸውን እምቢልታው ላይ አድርገው ተራቸውን እየጠበቁ ነው።